ከጠረጴዛው ማዶ የሚቀመጠው ማን ነው?

በማኅበራችን ዓመታዊ የወጣቶችና የወላጆች ምሽት ላይ የቀረበ ንግግር



በዚህ መድረክ ባለፉት ዓመታት ስለ ነርስነት፣ ስለ ሃይቴክ፣ ስለ ሕግ ትምህርት ብዙ ተብሏል። ሁሉም ያስፈልገናል። ዛሬ የቆምነው ግን ብዙዎቻችን ስሙን እንኳ ስለማናውቀው ሙያ ልንነግራችሁ ነው፤ ስለ ፊልም ተዋናይ መራጭ። በዕብራይስጥ ሥራው «ሊሁክ» ይባላል፤ ሠራተኛው ወንድ ከሆነ «መላሄክ»፣ ሴት ከሆነች «መላሄኬት»። በሌላው ዓለም ካስቲንግ ዳይሬክተር ይሉታል።

ለምን ይህን መረጣችሁ ትሉን ይሆናል። ነገሩ እንዲህ ነው። ማታ ቤተሰብ ተሰብስቦ ቴሌቪዥን ሲያይ እኛን የሚመስል ሰው ብቅ ይላል። ሁላችንም ቀና እንላለን፤ ኩሽና ያለውም ይጠራል፣ «ኑ እዩ፣ የኛ ልጅ!» ተብሎ። ከዚያስ? ሰውየው የገበያ አዳራሽ በር ላይ ቦርሳ ይፈትሻል፣ ወይ ወለል ይወለውላል፣ ወይ ፖሊስ ያባርረዋል። ሁለት ቃል ተናግሮ ይጠፋል።

እነዚህ ሥራዎች ነውር የለባቸውም። ወላጆቻችን ወለል ጠርገው፣ በር ጠብቀው ነው ያሳደጉን፤ እጃቸውን እንስማለን። ጥያቄያችን ሌላ ነው። በታሪኩ ውስጥ ሐኪም ሲፈለግ፣ ጎረቤት ሲፈለግ፣ የምትፈቀር ልጅ ሲፈለግ፣ የሚያስቅ አጎት ሲፈለግ፣ የኛ ሰው ስም ለምን አይነሳም? ደግሞስ ስም የሚያነሳው ማን ነው? ይህን ስንጠይቅ ነው ወደዚህ ሙያ የደረስነው።

ሽማግሌ እንደ መላክ ነው

ነገሩን ከባህላችን እንጀምረው። ልጅ ለጋብቻ ሲደርስ ቤተሰብ ሽማግሌ ይልካል። ግን ሽማግሌ ዝም ብሎ አይሄድም። አስቀድሞ ይጠይቃል። የማን ልጅ ናት? ዘር ሲቆጠር እስከ ሰባት ትውልድ ይገናኛሉ ወይስ አይገናኙም? ጠባያቸው ይስማማል ወይ? ብዙ ቤት ያውቃል፣ ብዙ ሰው ያስታውሳል። እሱ አያገባም፤ ድግሱም የሱ አይደለም፤ በሰርጉ ቀን ሁሉም የሚያየው ሙሽሮቹን ነው። ነገር ግን ሽማግሌው ያላነሳው ስም ድግስ ላይ አይደርስም።

ተዋናይ መራጭም እንደዚሁ ነው። የመጨረሻውን ቃል የሚናገሩት የፊልሙ ዳይሬክተርና ገንዘብ የሚያወጣው ፕሮዲውሰር ናቸው። እነሱ ፊት የሚቀርቡትን አራት አምስት ሰዎች ከመቶ ሰው መካከል ለይቶ የሚያመጣው ግን መራጩ ነው። ዳይሬክተሩ ያላየውን ሰው ሊመርጥ አይችልም። በቃ፣ ሥልጣኑ ያለው እዚያ ላይ ነው።

ካርድ ላይ የምትጽፈው ሴት

አሁን ስለ አንዲት ሴት እንንገራችሁ። ማሪዮን ዶኸርቲ ትባላለች፤ አሜሪካዊት ናት። በ1923 ተወልዳ በ2011 አረፈች። (ዓመቶቹን ሁሉ የምንናገረው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።) ቴሌቪዥን ገና ጨቅላ በነበረበት ዘመን ኒው ዮርክ ውስጥ «ክራፍት ቴሌቪዥን ቲያትር» በሚባል ፕሮግራም ረዳት ሆና ሥራ ጀመረች። ያን ጊዜ ድራማ በየሳምንቱ በቀጥታ ይተላለፍ ነበር። ተሳሳትን ብሎ መድገም የለም። በየሳምንቱ አዲስ ታሪክ፣ በየሳምንቱ አዲስ ተዋንያን ያስፈልጋሉ።

በዚያ ዘመን ሆሊውድ ውስጥ ትልልቆቹ ስቱዲዮዎች ተዋንያንን በረጅም ውል አስረው ይይዙ ነበር። መልከ መልካም ወጣት ከተፈለገ ከዝርዝሩ ይጠራል፤ ክፉ ሰው ከተፈለገ ሁልጊዜ ክፉ የሚሆነው ይጠራል። ሰው እንደ ዕቃ መደርደሪያው ላይ በዓይነቱ ተቀምጧል ማለት ነው።

ዶኸርቲ ሌላ መንገድ ያዘች። ማታ ማታ ኒው ዮርክ ውስጥ ትልቅም ትንሽም ቲያትር ቤት እየገባች ማንም የማያውቃቸውን ወጣቶች ታያለች። ያየችውን በትናንሽ ካርዶች ላይ ትጽፋለች። ይህ ልጅ እንዲህ ያለ ነገር አለው፣ ያቺ ልጅ ዝም ስትል ታምራለች፣ የሚል ዓይነት ማስታወሻ ማለት ነው። ለዛሬ ሥራ ባይሆን ለነገ ይሆናል ብላ ታስቀምጣለች። ጄምስ ዲንና ዋረን ቢቲ ገና ስም ሳያወጡ ክራፍት ላይ ሠርተዋል። በኋላ «ኔክድ ሲቲ» እና «ሩት 66» ለሚባሉ ተከታታይ ድራማዎች ስትመርጥ ሮበርት ሬድፎርድን፣ ሮበርት ዱቫልን የመሰሉ ሰዎች በእሷ በር አልፈዋል። ያን ጊዜ ሥራ ፈላጊ ወጣቶች ነበሩ እንጂ ማንም አያውቃቸውም።

ከታሪኳ ሁለት ነገር ልናነሳ እንፈልጋለን፤ ሁለቱም እኛን ይመለከታሉ።

አንደኛው የጆን ቮይት ነገር ነው። ቮይት ወጣት ሳለ «ኔክድ ሲቲ» ላይ ዕድል ሰጠችው፤ አልሆነለትም፣ ደካማ ሆነ። ሌላ ሰው ቢሆን ስሙን ሰርዞ ያልፋል። እሷ ግን በልጁ ውስጥ ያየችውን አልረሳችም። ከዓመታት በኋላ «ሚድናይት ካውቦይ» የተባለው ፊልም ሲዘጋጅ የቮይትን ስም መልሳ አነሳች። ፊልሙ በ1969 ወጣ፤ የዓመቱ ምርጥ ፊልም ተብሎ ኦስካር ወሰደ፤ ቮይትም ለምርጥ ተዋናይ ታጨ። አንድ ቀን የደከመ ሰው ለዘላለም ደካማ አይደለም ማለት ነው። ይህን የሚያውቅ መራጭ ያስፈልጋል።

ሁለተኛው የዳኒ ግሎቨር ነገር ነው። በ1987 «ሊተል ዌፐን» የተባለ ፊልም ወጣ። ከአባቶቻችን መካከል በቪዲዮ ካሴት ያዩት እንዳሉ እናውቃለን! ሁለት ፖሊሶች ናቸው፤ አንዱ እብድ ቢጤ፣ ሌላው ረጋ ያለ የቤተሰብ አባት፣ ሚስትና ሦስት ልጆች ያሉት፣ ሃምሳ ዓመት የሞላው። ድርሰቱ ላይ ስለዚህ አባት የቆዳ ቀለም አንድም ቃል አልተጻፈም። ዶኸርቲ ለዳይሬክተሩ ለሪቻርድ ዶነር የዳኒ ግሎቨርን ስም አቀረበች። የዶነር የመጀመሪያ ምላሽ ግን «እሱ እኮ ጥቁር ነው» የሚል ዓይነት ነበር። እሷም ታዲያ ምን ይሁን አለች። ዶነር ይህን ታሪክ ራሱ ካሜራ ፊት ተናግሮታል፤ ወረቀቱ ላይ ያልነበረውን ነጭ ሰው ጭንቅላቱ ውስጥ ያስቀመጠው እሱ ራሱ መሆኑን ያኔ ነው ያስተዋለው።

እስቲ ቆም ብለን እናስበው። ዶነር ክፉ ሰው አልነበረም። ማንንም አልሰደበም፣ በር አልዘጋም። ዝም ብሎ ሲያነብ «አባት» የሚለውን ቃል በነጭ ሰው ፊት አየው፤ አበቃ። አጠገቡ የተቀመጠች ሴት «ለምን?» ባትል ኖሮ ማንም ሳያውቀው ያልፍ ነበር። ዳኒ ግሎቨርም እንዳመለጠው ሳያውቅ ይቀር ነበር። ያ አባት በአራት ፊልሞች ላይ ቆየ፤ የመጨረሻው በ1998 ወጣ። ዓለም ሁሉ ግሎቨርን በአባትነት አወቀው። የፊልም ቀረጻው ሲጀመር ሰውየው ገና አርባ ዓመቱ ነበር፤ ሃምሳ ሆኖ መጫወት እንደሚችል ያየ ሰው ስለነበረ ብቻ ነው።

እኛ ላይ የሚደርሰው መገለል አብዛኛውን ጊዜ እንዲህ ያለ አይደለም ወይ? ስድብ ቢሆን መልስ እንሰጣለን። ያልተነሳ ስም ግን ድምፅ የለውም።

ስም የሌለው ሙያ

ይህ ሙያ ራሱም ለረጅም ጊዜ ስም አልነበረውም። «ሚድናይት ካውቦይ» ላይ የዶኸርቲ ስም አልተጻፈም። በፊልሙ መግቢያ ስሟ ለብቻው እንዲወጣ ጠይቃ እምቢ ሲሏት፣ እንግዲያው ጨርሶ አይጻፍ አለች። እንደዚህ ያለ ክብር ከሌሎች ቀድሞ ያገኘው ሊን ስታልማስተር የተባለ ሌላ ታላቅ መራጭ ነው፤ በ1968 «ዘ ቶማስ ክራውን አፌር» በተባለው ፊልም ላይ ስሙ ለብቻው ታየ።

ስታልማስተር ከኔብራስካ ግዛት የመጣ አይሁዳዊ ነው። በወጣትነቱ ራሱ ተዋናይ ነበር፤ ስለዚህ በሩ ላይ ቆሞ ተራ የሚጠብቅ ሰው ምን እንደሚሰማው ያውቃል። «ሩትስ» የሚለውን ተከታታይ ድራማ ብዙዎቻችሁ ታስታውሱታላችሁ፤ ከአፍሪካ በባርነት ስለተወሰደው ስለ ኩንታ ኪንቴና ስለ ዘሮቹ የሚናገረው፣ በ1977 የታየው። የተዋናይ መረጣው የስታልማስተር ነበር። ወጣቱን ኩንታን የሆነው ሌቫር በርተን የ19 ዓመት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነበር፤ ከዚያ በፊት አንድም የፊልም ሥራ አልነበረውም። ፊቱን ማንም ስለማያውቀው ተመልካቹ ተዋናይ ሳይሆን ኩንታን ራሱን አየ።

በ1991 ለዶኸርቲ የክብር ኦስካር እንዲሰጣት ትልልቅ ሰዎች ደብዳቤ ጽፈው ጠይቀው ነበር፤ አልተሰጣትም። ለስታልማስተር በ2016 ተሰጠው፤ ከተዋናይ መራጮች የመጀመሪያው ሆነ። በ2024 ደግሞ የኦስካር አካዳሚ ከ2025 ፊልሞች ጀምሮ ለተዋናይ መረጣ ራሱን የቻለ ሽልማት እንዲኖር ወሰነ። ከ2001 ወዲህ አዲስ የሽልማት ዘርፍ ሲከፈት ይህ የመጀመሪያው ነው። አያችሁ፣ ዘግይቶም ቢሆን ሥራውን ዓለም ሥራ አለው።

ሥራው ውስጡ ሲታይ

አንዳንድ ሰው ተዋናይ መራጭ ማለት ቆንጆ ልጅ መንገድ ላይ አይቶ የሚጠራ ሰው ይመስለዋል። ሥራው ከወረቀት ነው የሚጀምረው። መራጯ ስክሪፕቱን ሁለት ሦስት ጊዜ ታነብባለች። የሁሉንም ገጸ ባሕርይ ዝርዝር ታወጣለች፦ ዕድሜው፣ የሚናገረው ቋንቋ፣ የሚፈልገው ነገር፣ የሚፈራው ነገር፣ ስንት ቀን ቀረጻ እንዳለው። አንድ መስመር ብቻ የሚናገረውንም አትተወውም።

ከዚያ ጥሪ ይወጣል። ለተዋንያን ወኪሎች ይላካል፤ በሌላ በኩል መራጯ የራሷን ማስታወሻ ትከፍታለች። ልዩ ሰው ሲፈለግ ደግሞ ራሷ ትወጣለች፤ ትምህርት ቤት፣ ማትናስ፣ የስፖርት ሜዳ፣ ገበያ ትሄዳለች። በተለይ ልጆች ሲፈለጉ እንዲህ ነው። በ2005 የወጣውን «ሂድ፣ ኑርና ሁን» የሚል ትርጉም ያለው ርዕስ የያዘውን የራዱ ሚሃይሌያኑን ፊልም አስታውሱ፤ በሙሴ ዘመቻ ወደ እስራኤል ስለመጣ ልጅ የሚናገረውን። ሽሎሞ የሚባለውን ያንን አንድ ልጅ ሦስት ሰዎች ናቸው የተጫወቱት፤ አንዱ ሕፃን ሳለ፣ አንዱ ጎረምሳ ሲሆን፣ አንዱ ሲያድግ። ተመልካቹ ሦስቱንም አንድ ሰው ናቸው ብሎ ማመን አለበት። አስተያየታቸው፣ አነጋገራቸው፣ ዝምታቸው መገጣጠም አለበት። ትልቁን ሽሎሞ የሆነው ሲራክ ሳባሃት ራሱ በልጅነቱ በ1991 በሰለሞን ዘመቻ የመጣ ነው።

ቀጥሎ ኦዲሽን ነው። ክፍሉ ውስጥ ካሜራ አለ፤ ከተዋናዩ ጋር የሚያነብ ረዳት አለ፤ መራጯ አለች። ሁለት ሦስት ገጽ ይነበባል። ከዚያ መራጯ «አሁን ደግሞ ሳትቆጣ በለው» ወይም «እየቸኮልክ ሳለ በለው» ትላለች። ይህ የመጀመሪያው መጥፎ ነበር ማለት አይደለም። ልጁ ይሰማል ወይ? ይለወጣል ወይ? የሚለውን ነው የምትፈትነው። ጥሩ የሆኑት ለሁለተኛ ጊዜ ይጠራሉ። እናትና ልጅ፣ ባልና ሚስት የሚሆኑትን ደግሞ አጠገብ ለአጠገብ አቁማ ታያቸዋለች፤ ለየብቻ ጥሩ የሆኑ ሁለት ሰዎች አብረው ሲሆኑ ላይስማሙ ይችላሉ። መጨረሻ ላይ ጥቂት ስሞች ለዳይሬክተሩ ይቀርባሉ፤ እዚያ ክርክር አለ። ጥሩ መራጭ የሚለየው ያን ጊዜ ነው። ዳይሬክተሩ ያሰበውን ብቻ ይዞ መምጣት ቀላል ነው፤ ያላሰበውን አንድ ስም ጨምሮ መሟገት ግን ሙያም ድፍረትም ይጠይቃል።

ወደ እኛ ስንመጣ

ከእኛ መካከል ኦዲሽን የሄዱ አሉ። አንዷ የተወለደችው እዚሁ አገር ነው፤ ባግሩቷን በጥሩ ውጤት ጨርሳለች፤ ዕብራይስጧ እንደ ውሃ ነው። አንብባ ስትጨርስ ምን ተባለች መሰላችሁ? «ቆንጆ ነው፣ ግን ትንሽ እንደ አዲስ ገቢ አድርጊው።» ማለትም ቋንቋሽን ሰበር አድርጊው ነው። ወረቀቱ ላይ የተጻፈው «ነርስ» ነበር፤ አዲስ ገቢ የሚል የለም። ልጅቷ የአያቷን አነጋገር አታፍርበትም፤ እንዲያውም ትወደዋለች። ግን አያቷ ቋንቋውን በስልሳ ዓመቷ በመከራ የተማረች ሴት ናት፤ ለሳቅ የሚሆን ነገር አይደለም። እዚያ ክፍል ውስጥ ይህን የሚያውቅ አንድ ሰው እንኳ አልነበረም።

የኛን ታሪክ የሚናገሩ ፊልሞችስ? በ2019 የወጣ «ዘ ሬድ ሲ ዳይቪንግ ሪዞርት» የሚባል ፊልም አለ። በሱዳን በቀይ ባሕር ዳር አሩስ ላይ ሞሳድ የመዝናኛ መንደር ከፍቶ ወገኖቻችንን ያወጣበትን ታሪክ መነሻ ያደረገ ነው። ቀረጻው በናሚቢያና በደቡብ አፍሪካ ነበር። ፈረደ አክሉምን መነሻ ያደረገውን ሰው የተጫወተው ማይክል ኬ ዊሊያምስ የተባለ አሜሪካዊ ነው። ዊሊያምስ ትልቅ ተዋናይ ነበር፤ በሱ ላይ ቃል የለንም። ነገር ግን የፈረደን ታሪክ ከወላጆቻችን አፍ የሰማን ልጆች ስናየው አንድ ነገር ይጎድለናል። ሽማግሌ ፊት እንዴት እንደሚቆም፣ «እሺ» ሲባል እንዴት ትንፋሽ እንደሚሳብ፣ እነዚህን ትናንሽ ነገሮች ከውጭ የመጣ ሰው በሦስት ወር አይማራቸውም።

በሌላ በኩል ደስ የሚሉ ነገሮችም አሉ። በ2008 ሽሙኤል በሩ «ዝሩባቬል» የተባለውን ፊልም ሠራ። በ2014 ባዚ ጌቴ «ቀይ ቅጠሎች»ን ሠራ። በዚህ ፊልም ላይ ልጆቹ ቤት እየዞረ የሚያድረውን የሰባ አራት ዓመት አባት የተጫወተው ከኢትዮጵያ የመጣው አንጋፋው ደበበ እሸቱ ነው። በ2018 ደግሞ አለምወርቅ ዴቪድያን «የበለስ ዛፍ» የተባለ ፊልሟን ኢትዮጵያ ሄዳ ቀረጸች፤ ቶሮንቶ ላይም ተሸለመች። በቴሌቪዥን ዮሲ ቫሳ «ነብሱ»ን ይዞ ብቅ ብሏል። ጸሐፊዎችና ዳይሬክተሮች አሉን ማለት ነው። ተዋንያንም እየበዙ ነው። አሁን የሚያስፈልገን በመካከል የሚቆመው ሰው ነው፤ ታሪኩ ስለ ኢትዮጵያውያን ባይሆንም እንኳ «ለዚህ ጠበቃ እኮ የሆነች ልጅ አውቃለሁ» የሚል።

ለእናቶችና ለአባቶች

እናውቃለን፣ ጥያቄ አላችሁ። «ይህ ደግሞ ሥራ ነው ወይ? እንጀራ ይሆናል ወይ?» ትላላችሁ። እውነቱን እንናገር። ሥራው እንደ መንግሥት ደመወዝ በየወሩ የሚቆጠር አይደለም። አንድ ፊልም ያልቃል፣ ሌላው እስኪመጣ ትጠብቃለህ። ሲጀመር ክፍያው ትንሽ ነው። ስለዚህ ሌላ ሥራ ወይም ትምህርት ይዞ መጀመር ነው ብልህነቱ። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች እንዳይሆን።

ሌላም ልትጠነቀቁት የሚገባ ነገር አለ። ልጃችሁ ለፊልም ወይ ለማስታወቂያ ከተጠራ ዕወቁ፦ ከ15 ዓመት በታች የሆነ ልጅ ለቀረጻ እንዲሠራ ከመንግሥት ፈቃድ ያስፈልጋል። ፈቃዱ የት አለ ብላችሁ መጠየቅ መብታችሁ ነው። በትክክል የሚሠራ ተዋናይ መራጭ ለኦዲሽን ብሎ ከተዋናይ ገንዘብ አይቀበልም፤ የሚከፍለው ፊልሙን የሚሠራው ነው። «መጀመሪያ ይህን ያህል ሸቀል ክፈሉ፣ ፎቶ እናነሳለን፣ ልጃችሁ ኮከብ ይሆናል» የሚል ሰው ቢደውል ስልኩን ዝጉት። ልጅን ብቻውንም አትላኩ። ዕብራይስጡ ከከበዳችሁ ከኛ አንዳችን አብረን እንሄዳለን፤ ውሉንም አብረን እናነብባለን።

ለወጣቶች

ተዋናይ መሆን የምትፈልጉ፣ ዛሬ ብዙው ኦዲሽን በስልክ ተቀርጾ ነው የሚላከው። ስልኩን በአግድም አቁሙት፤ ከኋላችሁ ባዶ ግድግዳ ይሁን፤ ብርሃኑ ከፊት ይምጣ እንጂ ከኋላ አይምጣ። አብሯችሁ የሚያነብ ሰው ከካሜራው አጠገብ ይቁም፤ የሱ ድምፅ ከእናንተ አይብለጥ። ቃሉን በቃላችሁ ያዙ። ከሁሉ በላይ ደግሞ ሰውየው ምን ፈልጎ ነው ይህን የሚናገረው ብላችሁ ጠይቁ። ካልተመረጣችሁ እናንተ አልጠቀማችሁም ማለት አይደለም። እናት ከምትሆነው ተዋናይ ጋር ስላልተመሳሰላችሁ ብቻ ሊሆን ይችላል። ቮይትን አስታውሱ።

ከጠረጴዛው ማዶ መቀመጥ የምትፈልጉ ደግሞ ስሙን። ለዚህ ሙያ የተለየ ዲግሪ አይጠየቅም። እናቶቻችን ሸክላ የተማሩት እንዴት ነው? እናታቸው አጠገብ ተቀምጠው፣ ጭቃውን እየረገጡ፣ መጀመሪያ ትንሿን እየሠሩ ነው። ይህም እንደዚያ ነው። ጁልየት ቴይለር የምትባል ሴት ዶኸርቲ ቢሮ ጸሐፊ ሆና ነበር የገባችው። ስልክ ስታነሳ፣ ተዋንያንን ስትቀበል ሥራውን ለመደች፤ በኋላ ለዉዲ አለን ፊልሞች ለብዙ ዓመታት መረጠች፤ «የሺንድለር ዝርዝር» ላይም ከመራጮቹ አንዷ ሆነች።

እዚህ አገርም መግቢያው ሩቅ አይደለም። ኢየሩሳሌም ሳም ሽፒገል አለ፣ ማዓሌ አለ፤ ስዴሮት ሳፒር ኮሌጅ አለ፤ ቴል አቪቭ ዩኒቨርሲቲ የፊልም ትምህርት ክፍል አለ። እዚያ ያሉ ተማሪዎች በየዓመቱ አጫጭር ፊልም ይሠራሉ፤ ገንዘብ የላቸውም፤ ተዋናይ የሚፈልግላቸው ሰው ግን ይፈልጋሉ። ሂዱና «እኔ ልርዳችሁ» በሉ። ከተዋንያን ጋር አንብቡ፣ ካሜራ ያዙ፣ ስም መዝግቡ። ቲያትር እዩ። የምትወዱትን ፊልም ስታዩ መጨረሻ ላይ የሚያልፈውን ጽሑፍ አትዝጉት፤ ማን መረጠ የሚለውን አንብቡ። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል።

ደግሞ አንድ ነገር አለን፤ ሁለት ቋንቋ። ለአያት በአማርኛ ወይም በትግርኛ፣ ለአስተማሪ በዕብራይስጥ እየተናገርን ነው ያደግነው። በሐኪም ቤት፣ በባንክ፣ በቢቱዋሕ ለኡሚ ለወላጆቻችን ስናስተረጉም የሰው ፊት ማንበብ ተምረናል። ባለ ቢሮው ሲሰለች፣ እናታችን ያልተናገረችው ነገር ሲኖር፣ አባታችን «ደህና ነው» ብሎ ደህና ሳይሆን ሲቀር፣ ሁሉን ከዓይን እናውቃለን። ያን ጊዜ ሸክም ነበር። ለዚህ ሙያ ግን ትልቅ ትምህርት ነው፤ መራጭ የሚሠራው በዚያ ዓይን ነው።

ምን እንሥራ?

እንግዲህ ወሬ ብቻ እንዳይሆን አንድ ሐሳብ ይዘን መጥተናል። ዶኸርቲ ካርድ ነበራት አላልንም? እኛም የራሳችንን ካርድ እንጀምር። በማኅበራችን አንድ መዝገብ ይከፈት። ፈቃደኛ የሆነ ሰው ሁሉ ስሙን፣ ዕድሜውን፣ የሚናገረውን ቋንቋ፣ የሚችለውን ነገር ያስመዝግብ፤ አጭር ቪዲዮም እንቅረጽ። ወጣት ብቻ አይደለም። ተረት የሚነግሩ አያቶች፣ መሰንቆ የሚመቱ አባቶች፣ አውቶቡስ የሚነዱ፣ ክፍል የሚያስተምሩ፣ በሆስፒታል የሚሠሩ፣ ሁሉም ይግቡ። የአንድ ሰው ቪዲዮ ያለ ፈቃዱ ለማንም አይሰጥም፤ የልጆች ደግሞ ያለ ወላጅ ፊርማ አይገባም። ተማሪ የፊልም ሠሪ ወይም ተዋናይ መራጭ ሲጠይቀን መጀመሪያ ስክሪፕቱን እንጠይቃለን፤ ከዚያ ስም እናቀርባለን። ሐኪም ለሚፈልግም፣ ጎረቤት ለሚፈልግም፣ ጥበቃ ለሚፈልግም። ጥበቃው ስም ካለው፣ ቤት ካለው፣ የሚያስበው ነገር ካለው እሱንም በደስታ እንጫወታለን።

መዝገቡን የሚይዙ ሁለት ሦስት ወጣቶች ያስፈልጋሉ። የሰው ስምና ፊት የማይረሱ፣ ትዕግሥት ያላቸው፣ ሚስጥር የሚጠብቁ ይሁኑ። ምናልባት ከእነሱ አንዷ ከዓመታት በኋላ ትልቅ ፊልም ላይ መላሄኬት ትሆናለች። ባትሆንም እንኳ ሰውን አስተውሎ ማየት ተምራለች፤ ለአስተማሪም፣ ለነርስም፣ ለመኮንንም የሚጠቅም ነገር ነው።

በሩ አጠገብ ካለው የቡና ጠረጴዛ ላይ ወረቀትና ብዕር አስቀምጠናል። ስትወጡ ስማችሁን ጻፉ፤ እናቶች፣ እናንተም ጭምር። የስልክ ቁጥር እንዳትረሱ።